ስሟን የጠራ ሰው

ተከዜ ወደ ሱዳን ድንበር ሲቃረብ ስሙ ሰቲት ይሆናል። በዚያ ወንዝ ዳር ሐምራን የሚባሉ፣ በፈረስ ተቀምጠው በጎራዴ ዝሆን በማደን የታወቁ ሰዎች ይኖሩ ነበር። በሱዳን ከሁሉ የገነነው የፍቅር ታሪክ ባለቤት ታጁጅ የእነሱ ልጅ ናት። የአጎቷ ልጅ አል ሙሐለቅ ወደዳት። ጥፋቱ መውደዱ አልነበረም፤ የአጎት ልጅ ማግባት የአገሩ ወግ ነው። ጥፋቱ ስሟን በግጥም ጠርቶ በሰው ፊት ማወደሱ ነበር። ቤተሰቧ አዋረደን ብሎ ከለከለው፤ ከብዙ ልመናና ሽምግልና በኋላ ተጋቡ። ከተጋቡም በኋላ ውበቷ አልጠገብ አለው፤ ራቁቷን ከፊቱ እንድትራመድለት ለመናት። እሺ አለች፤ ግን በምላሹ የምትጠይቀውን አንድ ነገር እንዲፈጽምላት አስማለችው። የጠየቀችው ፍቺ ነበር። እሱ አብዶ በየዱሩ ስሟን እየጠራ ሞተ፤ እሷም ብዙ ሳትቆይ በሽፍቶች እጅ ተገደለች።

ይህን ታሪክ መጀመሪያ የሰማሁት ካርቱም፣ አርካዊት ሰፈር፣ ከተከራየሁበት ግቢ ባለቤት እናት ነው። አርካዊት ከአውሮፕላን ማረፊያው በስተደቡብ ያለ ሰፈር ሲሆን ስሙን የወሰደው በቀይ ባሕር ኮረብቶች ላይ ካለችው ነፋሻ መንደር ነው። ሐቦባ እንላቸው ነበር፤ እኛ እማማ እንደምንለው። የገመድ አልጋቸውን፣ አንገረቡን፣ ግቢው መሐል አስወጥተው የማታውን ንፋስ እየተቀበሉ ነገሩኝ። ሲጨርሱ ያዘኑት ለሞቱት አልነበረም። "ስሟን ባይጠራ ኖሮ ይሄ ሁሉ አይመጣም ነበር" አሉና ወደ ግድግዳው ዞረው ተኙ። ከዚያ ማታ ወዲህ የወጣቶች ፍቅር ታሪክ ባነበብኩና ባየሁ ቁጥር ይኸው ነገር ይመጣብኛል፤ የልጅቷን ስም የሚጠራው ማነው? እሷስ ራሷ አፍ ተሰጥቷታል ወይ?

በእኛም አገር ከመጽሐፍ በፊት ወግ ነበረ። በጥምቀት ጎረምሳው ዓይኑን የጣለባትን ኮረዳ በሎሚ ይመታል። የሚናገርለት ሎሚው ነው፤ የእሷም መልስ ሎሚውን ማንሳት ወይም አለማንሳት ነው። አንድም ቃል ሳይወጣ ነገሩ አለቀ። ለዚያም የደረሰችው ዕድለኛዋ ናት፤ ብዙዎቹ እኮ ሎሚ የሚወረወርበት ደረት ሳያወጡ ተድረዋል።

የመጀመሪያው የአማርኛ ልብ ወለድ የታተመው በ1900 ዓ.ም ሮም ላይ ነው። አፈወርቅ ገብረ ኢየሱስ "ልብ ወለድ ታሪክ" ብለው ያወጡት፣ እኛ "ጦቢያ" እያልን የምንጠራው መጽሐፍ ባለታሪኳ ለጋ ልጅ ናት። የጠፋ መንትያ ወንድሟን ዋሕድን ፍለጋ ከአባቷ ጋር ስትወጣ የወንድ ልብስ ትለብሳለች። በዚያው ልብስ እንዳለች የንጉሡ ዘመድ የሆነች ልዕልት ወንድ መስላት ትወዳታለች፤ ንጉሡ ደግሞ ሴትነቷን ሲያውቅ እሱ በተራው ይያዛል። መጨረሻው ያማረ ነው፤ ጦቢያ ለንጉሡ፣ መልክ ከመልኳ ያልተለየው ዋሕድ ለልዕልቲቱ። ስመለከተው ግን በመጽሐፉ ውስጥ በፍቅር የሚቃጠሉት፣ የሚያለቅሱትና እንቅልፍ የሚያጡት ሌሎቹ ናቸው። ጦቢያ ትወደዳለች፤ ስትወድ ብዙም አናያትም። በመንገድ ላይ ነፃ ሆና የሄደችውም ሴትነቷን ደብቃ ነው። ይህን የወንድ ልብስ ልብ ይሏል፤ ከ58 ዓመት በኋላ ይመለሳል።

በ1923 ዓ.ም ብላቴን ጌታ ኅሩይ ወልደ ሥላሴ "የልብ አሳብ፦ የብርሃኔና የጽዮን ሞገሳ ጋብቻ" የሚል መጽሐፍ አወጡ። ርዕሱ ጋብቻ ይላል እንጂ ፍቅር አይልም። የዘመኑ ምሁር ጭንቀት ልጆች እንዴት ይዋደዱ ሳይሆን እንዴት ይጋቡ የሚል ነበር፤ አባት ለአገር ሲያስብ የሚጽፈው ዓይነት ነው። ከዚያ ጦርነት መጣ።

ከነፃነት በኋላ ትምህርት ቤቶች ሲበዙ ወንድና ሴት ልጅ በአንድ ግቢ መዋል ጀመሩ፤ ከበደ ሚካኤል "ሮሜዎና ዡልዬት"ን ወደ አማርኛ ያመጡትም በዚያው ዘመን ነው። ዡልዬት ገና 14 ዓመት ያልሞላት ልጅ ናት። ለጣልያን አገር እንግዳ ይሆን ይሆናል፤ ለኢትዮጵያ አንባቢ ግን በዚያ ዕድሜ ማግባት ምንም አያስደንቅም። የሚያስደንቀው መምረጧ ነው። በአምስት ቀን ውስጥ ራሷ ወድዳ፣ ራሷ ተናግራ፣ ራሷ ምላ የሞተች ልጅ በአማርኛ ስትናገር ተሰማች። ሱዳንም ዝም አላለችም፤ በ1948 እ.ኤ.አ. ዑስማን መሐመድ ሃሺም የታጁጅን አፈ ታሪክ ልብ ወለድ አድርጎ አሳተመው፤ ብዙዎች የሱዳን የመጀመሪያ ልብ ወለድ የሚሉት ይህን ነው። የሁለቱ ጎረቤት አገሮች የልብ ወለድ ጽሑፍ የተነሣው ከአንዲት ልጃገረድ ስም ነው ማለት ነው፤ እዚህ ጦቢያ፣ እዚያ ታጁጅ።

1952 ዓ.ም ሁለት ነገር ሰጠን። የፍትሐ ብሔር ሕጉ ወጣና የሴት ልጅ የጋብቻ ዕድሜ 15፣ የወንድ 18 ነው አለ። ብርሃኑ ዘሪሁን ደግሞ "ሁለት የእንባ ደብዳቤዎች"ን አወጣ። ደብዳቤ የዚያ ትውልድ ሎሚ ነው። ልዩነቱ ደብዳቤ መልስ ይጠይቃል፤ መልስ የምትጽፍ ልጅ ደግሞ ፊደል የቆጠረች ናት። የተማሪ ቤት ፍቅር በደብተር ልባስ ውስጥ ተጣጥፎ፣ ሽቶ ተነክሮ፣ በታናሽ ወንድም እጅ ይላክ የነበረበት ዘመን ነው። አንዳንዱ ጎረምሳ ራሱ መጻፍ ሲያቅተው ጽሑፍ የሚያምርለትን ጓደኛውን ሻይ እየጋበዘ ያስጽፍ ነበር፤ ያም ሆኖ የተጻፈለትን ደብዳቤ የሚያነብበው ልብ የእሷ ነው።

"ፍቅር እስከ መቃብር" በ1958 ዓ.ም ወጣ። ሐዲስ ዓለማየሁ ሰብለ ወንጌልን ሲፈጥሩ አባቷ ፊታውራሪ መሸሻ "የሚመጥናት" ሲሉ እኩዮቿ ሁሉ ተድረው፣ እሷ ብቻ ቀርታ ነው የምናገኛት። በዛብህ የሚመጣው ሊያስተምራት ነው። እዚህ ላይ ትንሽ ልቆይ፤ ምክንያቱም ለእኔ የአማርኛ የፍቅር ጽሑፍ ሁሉ የተገለበጠው በዚያ የትምህርት ሰዓት ነው። ሁለት ሰዎች አንድ መጽሐፍ ላይ ያጎነብሳሉ። ወላጅ ያለ ሥጋት የሚተዋቸው ትምህርት ስለሆነ ነው፤ ትምህርት ደግሞ ቃል መለዋወጥ ነው። በዛብህ ወላጆቹ ለእግዚአብሔር የተሳሉት ልጅ፣ ሰብለም አባቷ ለክብሩ የተሳላት ልጅ ናት፤ ሁለቱም የሰው ስለት ናቸው። በመጨረሻ ሰብለ ከቤት ጠፍታ በዛብህን ልትፈልግ ስትነሣ የመነኩሴ ልብስ ትለብሳለች። የጦቢያ ልብስ ተመለሰ፤ ግን ጦቢያ የወጣችው ወንድሟን ፍለጋ ነበር፤ ሰብለ የወጣችው የወደደችውን ፍለጋ ነው። ያገኘችውም ሊሞት ሲል ነው። ወጋየሁ ንጋቱ በኢትዮጵያ ሬዲዮ ሲተርከው ደግሞ መጽሐፍ ማንበብ የማይችለው ሁሉ ሰማው፤ የሰብለን ስም ያልተማረችው እናትም ልጇን መጥሪያ አደረገችው።

በዚያው በ1960ዎቹ እ.ኤ.አ. ጣይብ ሷሊሕ "የዘይን ሰርግ"ን ጻፈ። ዘይን የመንደሩ መሳለቂያ ነው። ንዕማ የምትባለው የአጎቱ ልጅ በልጅነቷ ቁርአን ካልተማርኩ ብላ አባቷን አስቸግራ ከወንዶች መሐል ብቻዋን የተቀመጠች፣ ስታድግም ጠያቂ ሁሉ የመለሰች ናት። በመጨረሻ ዘይንን የምትመርጠው እሷ ናት፤ ማንም አልመረጠላትም። የታጁጅ አገር ልጅ አፍ አወጣች። ኩዌታዊው ኻሊድ አል ሲዲቅ በ1976 እ.ኤ.አ. ፊልም አደረገው።

ሲኒማ ቤት የገባው ወጣት ግን አብዛኛውን ጊዜ የሚያየው ሕንድን ነበር። አዲስ አበባም ካርቱምም የሕንድ ፊልም አፍቃሪ ከተሞች ነበሩ። ራጅ ካፑር በ1973 እ.ኤ.አ. "ቦቢ"ን ሲያወጣ ዋና ተዋናይዋ ዲምፕል ካፓዲያ 16 ዓመቷ ነበር። የሀብታም ልጅና የዓሣ አጥማጅ ልጅ፣ ሁለት ሃይማኖት፣ ሁለት ተቆጪ አባት፣ በሞተር ሳይክል ሽሽት። አረብኛም አማርኛም የማያውቁ ተዋንያን ሲዘፍኑ አዳራሹ አብሮ ያለቅሳል። ያ ፊልም ለአፍላ ወጣት ፍቅር አንድ ነገር አወረሰው፤ ሁለቱ ልጆች አልሞቱም።

እኛ ዘንድ በዚያ ጊዜ ወጣቱ ሌላ ሥራ ተሰጥቶት ነበር። በ1967 ዓ.ም የዕድገት በኅብረት ዘመቻ ወደ 60,000 የሚጠጉ ተማሪዎችንና መምህራንን ወደ ገጠር አዘመተ። የ17 ዓመት ወንድና የ17 ዓመት ሴት ልጅ ከወላጅ ዓይን ርቀው በአንድ ካምፕ አደሩ። ታላቅ የፍቅር መጽሐፍ ይወለድበታል የሚባል ጊዜ ነው፤ ነገር ግን ድርሰቱ ፍቅርን ለአብዮት አስረከበው። ጀግናው የሚወዳት ጓድ ስትሆን ነው፤ ልቡ የሚመታው በመመሪያ ነው። ቀይ ሽብር ሲመጣ ልጆቹ ተበተኑ። ብዙዎቹ በመተማና በሁመራ በኩል ገዳሪፍ፣ ከዚያ ካርቱም ገቡ። በዴም፣ በጅሬፍ፣ በኋላም በአርካዊት የሐበሻ ቤቶች የበዙት ከዚያ ወዲህ ነው። ያኔ የፍቅር ታሪክ በካሴት ሆነ። ሱዳንኛ ዘፈን አዲስ አበባ፣ አማርኛ ዘፈን ካርቱም ተሻገረ፤ ቋንቋውን ያላወቀው በድምፁ ተያያዘ።

ቀጥሎ የመጣው ዘመን ለሁለቱም አገር ወጣት ፈተና ነበር። በሱዳን ከ1989 እ.ኤ.አ. መፈንቅለ መንግሥት በኋላ ሲኒማ ቤቶች እየተዘጉ ሄዱ፤ የሕዝብ ሥርዓት ሕጉ ሱሪ የለበሰችን ልጅ ሊያስገርፍ፣ አብረው የተቀመጡ ወጣቶችን ሊያስጠይቅ ይችል ነበር። በ1991 እ.ኤ.አ. የወጣው የቤተሰብ ሕግ ደግሞ በዳኛ ፈቃድ የ10 ዓመት ልጅ መዳርን ፈቀደ። መንግሥት ፍቅርን በፊልም ከልክሎ በጋብቻ ወረቀት ሕፃንን ሰጠ። ይህን ስጽፍ እጄ ይከብደኛል።

በእኛ አገር የፍቅር ተረት ላይ ኤች አይ ቪ ጥላውን ጣለ። በ1990ዎቹ ዓ.ም የወጣቶችን ፍቅር በሬዲዮና በመድረክ የሰማ ሰው ከመሳሳም በፊት ምርመራ፣ ከደብዳቤ በፊት ምክር ሰምቷል። ከሰኔ 2002 እስከ ኅዳር 2004 እ.ኤ.አ. በኢትዮጵያ ሬዲዮ የተላለፈው "የቀን ቅኝት" 257 ክፍል ነበረው። ሰው ሥራውን ጥሎ ይሰማው ነበር፤ ሕይወት ያተረፈ ድራማ ነው ብዬ አምናለሁ። ሆኖም የዚያ ዘመን ልጅ ፍቅርን ያወቀችው እንደ አደጋ ነው። በ1992 ዓ.ም የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ የሴት ልጅን የጋብቻ ዕድሜ 18 አድርጎ ቢያሳድገውም ድርሰቱ እሷን ከመጠበቅ አልፎ ወደ ማዳመጥ ገና አልደረሰም ነበር።

ያንን በግልጽ ያሳየኝ "ድፍረት" ነው። ዘረሰናይ ብርሃነ መሐሪ በ2006 ዓ.ም ያቀረበው ይህ ፊልም በ14 ዓመቷ ተጠልፋ ጠላፊዋን የገደለችን ልጅ እውነተኛ ታሪክ መነሻ አድርጎ በሰንዳንስ የተመልካች ሽልማት አግኝቷል። ጠለፋን የፍቅር ወግ አስመስሎ ለኖረ ባህል መራራ መልስ ነው። በዚያው ዓመት ነሐሴ መጨረሻ አዲስ አበባ ላይ ሊታይ ታዳሚው ተቀምጦ ሳለ በፍርድ ቤት እግድ ቆመ። አመልካቿ ታሪኩ የተወሰደባት ሴት ነበረች፤ ሳልፈቅድ ሕይወቴን ተረካችሁ አለች። እግዱ በኋላ ተነሣ። ስለ ፊልሙ ጥራት ብዙ ተባለ፤ እኔ የማልረሳው ያንን አቤቱታ ነው። ስለ አፏ የተሠራ ፊልም ፊት ለፊት ቆማ አፏን የከፈተች ሴት።

ከዚያ አንድ ዓመት ቀደም ብሎ "የኛ" ተጀምሮ ነበር፤ አምስት ልጃገረዶች፣ የሬዲዮ ድራማና ዘፈን። በለንደን ጋዜጦች ዘመቻ ምክንያት በ2017 እ.ኤ.አ. የእንግሊዝ መንግሥት ድጋፉን አቋረጠ፤ "የኛ" ግን ቀጠለ። ልጆቹ ስለ ጓደኝነት፣ ስለ ትምህርት፣ ስለ ድብደባ ሲናገሩ ድምፃቸው የራሳቸው ይመስላል። ስለ ፍቅር ሲሆን ግን ከበስተጀርባ አንድ ታላቅ ሰው ጉሮሮውን ሲጠርግ ይሰማኛል።

በ2008 ዓ.ም ቃና ቴሌቪዥን ሥርጭት ጀመረና በአማርኛ የተቀዱ የቱርክ ድራማዎች ቤት ሁሉ ገቡ። የኪነ ጥበብ ባለሙያዎች ማኅበራት ባህል ይበርዛል፣ እንጀራችንን ይወስዳል ብለው ተቃወሙ። ስለ እንጀራው እውነታቸውን ነው። ነገር ግን አርካዊት ውስጥ ያየሁትን ልንገር። ከእኛ ግቢ ጀርባ ባለች አንዲት ክፍል አራት የቤት ሠራተኛ ልጆች ይኖሩ ነበር። ዓርብ ዕረፍታቸው ነው። ቡና ተፈልቶ፣ ፈንዲሻ ተረጭቶ፣ አንዲት ትንሽ ቴሌቪዥን ፊት ይደረደራሉ። ቱርካዊቷ ልጅ አፏን ስትከፍት አማርኛ ይወጣል፤ ከንፈሯና ድምፁ ግን ትንሽ አይገጥሙም። "እትዬ፣ እዪያት፣ አባቷ ፊት እወደዋለሁ አለች!" ብላ ከመካከላቸው ትንሿ ጮኸችብኝ። ከጎንደር ገጠር የመጣች ናት። በ13 ዓመቷ ልትዳር ስትል ነው የጠፋችው። "እወደዋለሁ" የሚለውን ቃል ሴት ልጅ ለአባቷ በአማርኛ ስትናገር መስማቷ የመጀመሪያዋ ነበር፤ ፊቱ የቱርክ ቢሆንም አማርኛው አማርኛ ነው።

የሱዳን ሲኒማ መልስ የመጣው ከዚያ በኋላ ነው። በታኅሣሥ 2018 እ.ኤ.አ. ሕዝቡ በፕሬዚዳንቱ በበሽር ላይ ሲነሣ አምጃድ አቡ አላላ "በሃያ ዓመትህ ትሞታለህ" የሚለውን ፊልም እየቀረጸ ነበር። ሙዛሚል በተወለደ ጊዜ ሼኩ 20 ዓመት ሲሞላው ይሞታል ብለው ትንቢት ተናገሩበት። እናቱ ዘመኑን ሁሉ ጥቁር ለብሳ ትጠብቃለች፤ አባቱ መሸከም አቅቶት ይሄዳል። ነዒማ ግን ትወደዋለች። ቀድማ የምትናገረው፣ የምትቆጣው፣ አግባኝ እንጂ የምትለው እሷ ናት። እሱ ቀን ይቆጥራል። በመጨረሻ ሌላ አገባች፤ ሞት ሳይሆን ዝምታው ነው የነጠቀው። ፊልሙ በ2019 እ.ኤ.አ. ቬኒስ ላይ የምርጥ የመጀመሪያ ሥራ ሽልማትን አገኘ። በዚያው ዓመት ኅዳር የሕዝብ ሥርዓት ሕጉ ተሻረ፤ ዓባይ ዳር ሻይ የምታፈላ ሴት አጠገብ ወንድና ሴት ልጅ ያለ ስጋት ተቀመጡ። ሐቦባ የፊልሙን ታሪክ ስነግራቸው ረጅም ጊዜ ዝም ብለው "እሷ ጠራችው እንዴ?" አሉኝ። አዎ አልኳቸው። "ነቢዩን!" አሉ፤ ተቆጥተው ይሁን ተደስተው ዛሬም አላውቅም።

በጀርባዋ ክፍል ውስጥ ቴሌቪዥኗ ስትበላሽ ስልክ ተተካ። ቴሌግራም ላይ የአማርኛ የፍቅር ታሪኮች በየቀኑ በክፍል በክፍል ይለቀቃሉ፤ የብዙዎቹ ጸሐፊዎች ስማቸው የማይታወቅ ወጣቶች ናቸው፤ ብዙዎቹም "እኔ" ብለው የሚጽፉ ሴቶች። ክፍል 17 ሲያልቅ "ላይክ 50 ሲሞላ ክፍል 18 ይለቀቃል" ይላል። ረሲድ፣ ማለት የስልክ ሒሳብ፣ ያላት ታወርዳለች፣ ፊደል የምታውቀው ትንሿ ታነባለች፣ ሦስቱ ሽንኩርት እየላጡ ይሰማሉ። የአጻጻፍ ስህተቱ ብዙ ነው፤ ነጥብ የለ፣ ሐሳቡ ይደጋገማል። ወጋየሁን ያደመጠ ጆሮዬ መጀመሪያ ተቸገረ። ቀስ እያለ ግን ገባኝ፤ በዚያ የተዝረከረከ ጽሑፍ ውስጥ የ16 ዓመት ልጅ ስለ ልቧ በማንም በኩል ሳይሆን ራሷ ትናገራለች። አልተዳረች፣ አልተጠለፈች፣ የወንድ ልብስ አልለበሰች። አንዱን ወድዳ፣ ያናደዳት ዕለት ትታው፣ ፈተና ደርሶባት ማጥናት ጀመረች። "ውይ፣ ጎበዝ!" አለች ሽንኩርት የምትልጠው።

ሚያዝያ 7 ቀን 2015 ዓ.ም ቀዳም ሥዑር ነበር። ልጆቹ ለፋሲካ ዶሮ ገዝተው ነበር። ጠዋት ካርቱም ላይ ጦርነቱ ተጀመረ፤ በስፖርት ከተማው በኩል ተኩስ ተከፈተ፤ ሰማዩ በጭስ ጠቆረ፣ ከአውሮፕላን ማረፊያው የሚነሣው ፍንዳታ መስኮቶቹን አራገፈ። ሐቦባን ልጆቻቸው ወደ መደኒ ከተማ ወሰዷቸው። እኛ ከሁለት ሳምንት በኋላ በገዳሪፍ በኩል ጋላባት፣ ከዚያ መተማ ገባን። በመንገድ ላይ ኔትወርክ አልነበረም። መተማ ላይ ስልኳ እንደ ተከፈተ ትንሿ መጀመሪያ የደወለችው ለእናቷ ነው፤ ከዚያ ክፍል 23ን አወረደች።

ባለፈው ዓመት ከጎንደር መልእክት ላከችልኝ። ራሷ ጀምራለች፤ ሦስት ክፍል ጽፋለች። ባለታሪኳ አርካዊት የምትሠራ ልጅ ናት፤ በየዓርቡ ጥግ ላይ ካለው ሱቅ ስኳር ስትገዛ አንድ ልጅ መልስ ሲሰጣት ሳንቲሙን መዳፏ ላይ ቀስ አድርጎ ያስቀምጣል። ስለ ሳንቲሙ ብቻ አንድ ገጽ ሙሉ ጽፋለች፤ ስለ ቅዝቃዜው፣ መልሱን ሳትቆጥር ስለ መሄዷ። ከታች አንድ ጥያቄ አለ፦ "እትዬ፣ አባቴ ዘንድ ሊደርስ ይችላል። ስሜን ልጻፈው ወይስ ይቅር?"